በቃ የሚል እስኪገኝ

ከድሬዳዋ የወጣሁ ዕለት ማታ ቅጠል የሚያነቃንቅ ነፋስ አልነበረም። እናቴ ግን ካፖርት አለበሰችኝ። ከሁለት ግራጫ ብርድ ልብስ የተሰፋ፣ ውስጡ ከተማሪ ዩኒፎርም በተረፈ ሰማያዊ ጨርቅ የተገበረ ካፖርት። እማዬ ቀፊራ ገበያ አጠገብ በረንዳ ላይ ተቀምጣ መጋረጃና ዩኒፎርም ስትሰፋ የኖረች ሴት ናት፤ ካፖርት ሰፍታ አታውቅም። ድሬዳዋ ውስጥ ማን ካፖርት ያሰፋል? አንድ አሮጌ መጽሔት ላይ አይታ፣ ትከሻዬን በስንዝሯ ለክታ ሰፋችው። እጅጌው ጣቶቼን ውጦ ከዚያም አልፎ ይንጠለጠላል።

“እማዬ፣ እጄ የት ገባ?” አልኳት።

“እዚያ ስትበላ ትረዝማለህ።”

“ሃያ ስድስት ዓመቴ ነው እኮ!”

“ታዲያስ? የሰው አገር ምግብ ምን እንደሚያደርግ አንተ በምን አወቅክ?”

እህቴ መቅዲ ሳቋ አምልጧት ግድግዳ ያዘች። ባጃጁ ውስጥ ላቤ በጀርባዬ እየወረደ ኤርፖርት ደረስን። ፈታሹ ከላይ እስከ ታች አየኝና “ወንድሜ፣ ወዴት ነው?” አለ።

“ዴንቨር።”

“አሁኑኑ ነው እንዴ የምትደርሰው?”

መቅዲ አለቀሰች፤ እማዬ አላለቀሰችም። መንገደኛ ፊት ማልቀስ አትወድም። አጥሩን አልፌ ስሄድ ግን ጮኸች፤ ሰው ሁሉ ዞረ። “ቢኒ! ስትደውል ጮክ ብለህ አውራ! ሩቅ ነው!”

ጮክ ብላ የምታወራው እሷ ነበረች። እዚህ ከደረስኩ በኋላ በደወልኩ ቁጥር ስልኩን የምታነሳው መቅዲ ናት፤ እማዬ ከስፌት መኪናዋ ሳትነሳ ከኋላ ትጮሃለች፦ “ማነው? ቢኒ ነው? ምን በላህ በይው!” የመኪናው ድምፅ ታ ታ ታ ይላል። ስለ ገንፎም ቢሆን፣ ስለ ጠበቃም ቢሆን፣ በዚያ ታ ታ ታ ውስጥ ነው የምናወራው። ይህን አስታውሱልኝ፤ በኋላ እመለስበታለሁ።

የመጣሁት በግጥም ነው። እዚህ ያለው ማኅበረሰብ ለበዓል ዝግጅት “ከአገር ቤት ወጣት ገጣሚ” ብሎ ጋበዘኝ። ዴንቨር ጥግ ያለችው አውሮራ ውስጥ አንድ አዳራሽ ነበር፤ ሰው እየበላ፣ ልጆች በወንበር መሐል እየሮጡ እኔ አነበብኩ። አንዱ ከኋላ “ወንድም፣ አንዴ ድገመው፣ ቪዲዮዬ አልተከፈተም ነበር!” አለኝ። ደገምኩት። ያቺው ግጥም ናት ድሬዳዋ ላይ ሁለቴ ፖሊስ ጣቢያ ያስጠራችኝ፤ በሁለተኛው አሳድረውኛል። አዳራሹ ውስጥ ይህን ሲሰሙ፣ ሳህናቸውን እንደያዙ ከበው “ምን ልትሆን ትመለሳለህ?” አሉኝ። እኔም ከመጣሁበት ቀን ጀምሮ ይህን የሚለኝ ሰው ስጠብቅ ነበር መሰለኝ፤ አልተመለስኩም።

ጥገኝነት ጠየቅኩ። የጠየቀችኝ የኢሚግሬሽን ሴት ጨዋ ነበረች፤ አስተርጓሚው በስልክ ነው ያለው፤ ድምፁ ከባልዲ ውስጥ የሚወጣ ይመስላል።

“ግጥሙ ስለ ምንድን ነው?” አለች።

“ስለ ውሃ።”

“ስለ ውሃ ጽፈህ ነው የታሰርከው?”

“ውሃው ስላልመጣ ነው የጻፍኩት።”

“እስቲ በለው” አለችኝ። ግጥሙን አልኩት፦

ቧንቧችን ሲከፈት ነፋስ ይናገራል፣
ባልዲ ተሰላልፎ ጭብጨባ ይማራል።

አስተርጓሚው በእንግሊዝኛ የሆነ ነገር አለ። እሷ ብዕሯን አቆመች። “ነፋስ ማን ነው? የባለሥልጣን ስም ነው?”

“አይ፣ ነፋስ ነው።”

“እሺ፤ ባልዲዎቹስ? የፓርቲ አባላት ናቸው?”

አሰብኩና “አዎ፣ እንደዚያ ማለት ይቻላል” አልኩ። “እኔም ተሰልፌ አውቃለሁ።”

ጻፈችው። ጠበቃዬ ጠረጴዛው ሥር እግሬን ረገጠችኝ። ከወጣን በኋላ “ሁለተኛ በመንግሥት ቢሮ ውስጥ ግጥም እንዳታብራራ” አለችኝ። ከዚያ ደግሞ፣ ሊፍቱ እስኪመጣ ስንቆም፣ “ኬዝህ መልስ እስኪያገኝ አገርህ መሄድ አትችልም። ከሄድክ እዚያው አበቃ። ሰርግ ቢሆን፣ ለቅሶ ቢሆን” አለችኝ። እሺ አልኳት። ያን ጊዜ እሺ ማለት ቀላል ነበር።

ስለ አየሩ ላጫውታችሁ። ድሬዳዋ አቧራ አለ፤ እዚህ ግን አየሩ ራሱ የደረቀ ነው፤ በገባሁ ሳምንት አፍንጫዬ ደማ። ፀሐዩ ያበራል እንጂ አይሞቅም። ተራሮቹ በምዕራብ በኩል፣ ፎቶ ቤት ከወንበሩ ኋላ እንደሚሰቀለው ስዕል ዝም ብለው ቆመዋል፤ ማንም አያያቸውም፤ ሁሉም ሃቫና ስትሪት ላይ ፓርኪንግ ፍለጋ ላይ ነው። ሰው ሁሉ ስለ መኪና ያወራል። እግረኛ ሲያዩ ያዝኑልሃል፤ በዚህ ካፖርት ሲያዩህ ደግሞ ፍጥነት ይጨምራሉ።

የተከራየሁት አውሮራ ውስጥ የእትዬ ዘውዴን ቤዝመንት፣ ከቤቱ ሥር ያለውን ክፍል ነው፤ ሳሙኤል ከሚባል የታክሲ ሾፌር ጋር። እትዬ ዘውዴ በጾም የጸኑ፣ በኪራይ የጸኑ፣ በሂተር ግን ከሁሉም በላይ የጸኑ ሴት ናቸው። ሙቀት የሚጨመርበት ሳጥን ላይ የላስቲክ ክዳን ገጥመው፣ ክዳኑ ላይ የመስቀል ሥዕል ለጥፈውበታል።

“ሂተሩን የነካ ማን ነው?” ይላሉ ከደረጃው አናት።

“ማንም አልነካም፣ እትዬ።”

“ታዲያ ለምን ሞቀኝ?”

“ምግብ እየሠሩ ስለሆነ ይሆናላ።”

“እኔ የራሴን ምድጃ አላውቅም? ባለበት ይቀመጥ ብያለሁ። መልአክ ቢወርድም አይነካውም!”

ሳሙኤል “መልአክ ቢወርድ ካፖርትህን ነው የሚጠይቅህ” ይለኛል። ለብሼው ነበር የምተኛው።

ሥራ ያገኘሁት ሆም ኬር ነው፤ ግሌንዴል የሚባል ሰፈር፣ ሰው በሰው ላይ ከሚኖርበት አፓርታማ አንዱ ውስጥ፣ አንድ ጀርመናዊ ሽማግሌ መንከባከብ። ሄልሙት ይባላሉ። ወገባቸው አልታዘዝ ብሏል፤ አጥባቸዋለሁ፣ አለብሳቸዋለሁ፣ እንቁላል እሠራላቸዋለሁ። “ጋሽ ሄልሙት” ስላቸው ጋሽ ምን ማለት እንደሆነ ጠየቁኝ። ነገርኳቸው። “ይህን ድሮ ባውቅ ፖስተሩ ላይ አስጽፈው ነበር” አሉ።

የተወኑባቸው ፊልሞች ፖስተር ኮሪደሩን ሙሉ ይዞታል። ፈረስ ላይ ያለ ሰው፣ ጥቁር ቀሚስ የለበሰ ቄስ፣ ሽጉጥ የያዘ መርማሪ፣ ነጭ ጋውን የለበሰ ሐኪም፤ ሁሉም እሳቸው ናቸው። ፒዛ ያመጣ ልጅ “አባትህ ነው?” ብሎ ሲጠይቃቸው “አይደለም፣ የማላውቀው ሰው ነው” አሉት።

የሕይወታቸውን ሥራ ገላቸውን ሳጥብ ነው የነገሩኝ፤ ቅደም ተከተል የለውም፣ ሳሙናው እንዳመጣው ነው። ጦርነት ባፈረሰው ከተማ ውስጥ ልጅ ሆነው፣ የከተማው ቴአትር የሚያለቅስ ሕፃን ፈልጎ ነበር። እሳቸው ማልቀስ ያውቃሉ፤ ያን ጊዜ ማን የማያውቅ ነበር? ሾርባ ሰጧቸው፣ አለቀሱ፣ ተዋናይ ሆኑ። ጎልማሳ ሲሆኑ ድምፃቸውን ሸጡ፦ የአሜሪካ ፊልሞች ወደ ጀርመንኛ ሲመለሱ ካውቦዩን የሚናገሩት እሳቸው ናቸው። “ኮሎራዶን በዓይኔ ሳላያት በፊት ስንት ጊዜ እዚህ ሞቼአለሁ!” ይላሉ። ከዚያ ጀርመኖቹ ራሳቸው የካውቦይ ፊልም መሥራት ጀመሩ፤ ሌላ አገር ተራራ ላይ ሄደው፣ ጋሽ ሄልሙትን ቡናማ ቀለም ቀብተው፣ ላባ ሰክተው የቀይ ሕንዶች አለቃ አደረጓቸው። “ዛሬ ያን ፊልም እዚህ አገር ላይ ቢያዩብኝ ከዚህ አፓርታማ ያስወጡኛል” ብለው በሩን ያያሉ፤ የምር ፈርተው ነው።

በቴሌቪዥን ሐኪም ሆነው ረጅም ዘመን ሠሩ። ባቡር ውስጥ ሰዎች ምላሳቸውን እያወጡ ያሳዩዋቸው ነበር። አንዲት ሴት “ዶክተር፣ ይህን እብጠት ይዩልኝ” ብትላቸው “እመቤቴ፣ እኔ ተዋናይ ነኝ” አሏት። “አውቃለሁ፣ ግን ከባሌ ሐኪም እርስዎ ይሻላሉ” አለቻቸው። አይተውላት፣ ሆስፒታል ሂጂ አሏት። ሄዳ ዳነች። በየገናው ካርድ ትልክላቸው ነበር።

ከዚያ ዕድሜ መጣ፣ የሚጠራቸው ጠፋ። “ሥራ የሚሰጠኝ ሲጠፋ ሥራ ሰጪ ሆንኩ” ይላሉ፤ ፕሮዲውሰር ሆኑ ማለት ነው። ኮሜዲ ሠሩ፣ የቅቤ ማስታወቂያ ሠሩ፣ የሁለት ወንድማማቾች ፊልም ሠሩ። በዚያኛው ዋናው ተዋናይ ተጣልቷቸው ጥሎ ሲሄድ ሁለቱንም ወንድሞች ራሳቸው ተጫወቱ። “ታናሹ ታላቁን ይገድላል። ራሴን ገደልኩ፣ ራሴን ቀበርኩ፣ ለራሴ አለቀስኩ፣ አበባውንም የገዛሁት እኔ ነኝ።” በመጨረሻ በስተርጅና፣ እውነተኛውን ካውቦይ በእውነተኛው ኮሎራዶ እሠራለሁ ብለው መጡ። ገንዘብ አወጣለሁ ያለው ሰው ስልክ ማንሳት አቆመ። ፈረሶቹ ወደ ባለቤታቸው ሄዱ፣ ካሜራው ወደ ጀርመን ተመለሰ፤ እሳቸው ለሠራተኛው ምሳ የምታበስል ቤቲ የምትባል ሴት አግብተው ቀሩ። ቤቲ ከሞተች ቆይታለች። ፊልሙ እስካሁን አልተሠራም። “ኮፍያው ግን አለ” ይላሉ።

ጢማቸውን ስላጫቸው በአማርኛ ግጥም እንዳነብላቸው ይወዳሉ። አንድ ቃል አያውቁም። ዓይናቸውን ጨፍነው ይሰሙና በድንገት እጃቸውን ያነሳሉ። “እዚህ ጋ ዋሸህ።”

“የቱ ጋ?”

“አሁን ያልከው። መልሰው።”

እመልሰዋለሁ፤ እውነታቸውን ነው። ቤት እንዲመታልኝ ብቻ የከተትኩት ስንኝ ነው። በምን እንደሚያውቁ ስጠይቃቸው የሰው አፍ እያዩ ድምፅ ሲያለብሱ መኖራቸውን ነው የሚነግሩኝ። “ትንፋሽ ነው” ይላሉ። “የሚያወራ ሰው ትንፋሹ የትም ያልቅበታል፤ በቃል መሐል፣ በስም መሐል። የሸመደደ ግን ነጥቡን ጠብቆ ነው የሚተነፍሰው።”

እንግዲህ አንድ ጠዋት ከአዳር ሥራ ስመለስ እትዬ ዘውዴ ደረጃው ላይ ቆመው ጠበቁኝ። ዓይኔን አላዩኝም።

“ልጄ፣ ብርድ ነው” አሉ። “ከፈለግህ ሙቀቱን ጨምረው።”

ልጄ ብለውኝ አያውቁም። ወረድኩ። የላስቲኩ ክዳን ተከፍቶ ነበር። የመስቀሉ ሥዕል ግድግዳው ላይ ተዛውሯል። እዚያው ሳጥኑ ፊት፣ ካፖርቴን ሳላወልቅ ቆሜ ቀረሁ።

እናንተ አገር ቤት ያላችሁ መርዶ እንዴት እንደሚነገር ታውቃላችሁ። እዚህ ያለነው ደግሞ ይበልጥ ደንብ አበጅተንለታል። በስልክ አይነገርም፤ ለብቻው ለሆነ ሰው አይነገርም፤ ሥራ ላለበት ቀን አይነገርም። ቤተሰብ ከአገር ቤት ለአንድ የሚታመን ሰው ይነግራል፤ ያ ሰው ለሌላው ይነግራል፤ ሁሉም ሰው ያውቃል፣ ከባለቤቱ በቀር። ከዚያ የዕረፍት ቀኑ ይጠናና ሊነጋ ሲል ይመጣሉ። እኔም አንዴ አብሬ ሄጃለሁ። እንዳይጠረጥር መኪናችንን ከቤቱ አርቀን ፓርክ አድርገን፣ ጥቁር ነጠላችንን ጃኬት ውስጥ ደብቀን፣ በረዶ ላይ እንደ ሌባ ተሰልፈን ነበር። ሰውየው በሩን ከፍቶ እነዚያን ሁሉ ፊቶች ባንድ ላይ ሲያይ፣ ማንም ቃል ሳይናገር ጮኾ አለቀሰ። እስከዚያች ቅጽበት ድረስ የሞተችበት አክስቱ በሕይወት ነበረች፤ ቢያንስ ለእሱ።

ከሰዓት ሳሙኤል ሻይ አፍልቶ ሰጠኝ። ሳሙኤል ሻይ አያፈላም። “ቅዳሜ ኦፍ ነህ አይደል?” አለኝ፣ ስኳሩን እያማሰለ። ስኳር እንደማልወድ ያውቃል።

“አይ፣ ሥራ አለኝ” አልኩ። አልነበረኝም።

ወደ ቤት ደወልኩ። መቅዲ አነሳች። “እማዬ ደህና ናት። ጉሮሮዋን አሟታል። ድምፅዋ ተዘግቷል። ሐኪሙ አታውሪ ብሏታል።” ከኋላዋ ታ ታ ታ የለም። “መኪናውስ?” አልኩ። “ተበላሽቷል። ሊሠራ ተወስዷል።” ነጥብ፣ ትንፋሽ። ነጥብ፣ ትንፋሽ። እማዬን፣ ዝም በይ ብሎ ዝም ያሰኛት ሐኪም ገና አልተወለደም።

ያን ዕለት ሸሸሁ። ለሥራ ኃላፊዬ ደውዬ የጋሽ ሄልሙትን ቅዳሜና እሑድ ሁሉ ለኔ ስጪኝ አልኳት። “አንተ መልአክ ነህ” አለችኝ። ልብሴን በፌስታል ይዤ ግሌንዴል ሶፋ ላይ ሰፈርኩ። ቅዳሜ መጣ፤ እትዬ ዘውዴ ደወሉ። “ዛሬም ሥራ ነው? ትንሽ ነገር ፈልጌህ ነበር፣ ልጄ።” “ሥራ ነው እትዬ።” ከኋላቸው የብዙ ሰው ሹክሹክታ ይሰማኛል፤ ባዶ ቤዝመንት መጥተው፣ ነጠላቸውን ከጃኬት አውጥተው፣ ቁጭ ብለው ነበር። ቀጣዩም ቅዳሜ እንደዚያው ሆነ። በሥራ መሐል እንዳይይዙኝ በሩን በቀዳዳ አይቼ ነው የምከፍተው። ሃቫና ስትሪት ላይ የሚያውቀኝ ሰው ከሩቅ ፊቱን ሲያከፋ ሳይ መንገድ እሻገራለሁ። ማንም ሳይነግረኝ እስከቆየሁ ድረስ እማዬ ጉሮሮዋን አሟት ተኝታለች፣ መኪናዋም ሊሠራ ሄዷል። መብላት አቆምኩ። አንዲት መስመር መጻፍ አቃተኝ፤ ብዕር በያዝኩ ቁጥር እጅጌውን ጎትቼ እጄን እሸፍናለሁ። ግን በየጠዋቱ እደውል ነበር። ለምን እንደምደውል አልገባኝም። የመቅዲ ድምፅ አንዴ እንኳ በተሳሳተ ቦታ እንዲቆራረጥ ይሆናል የምፈልገው።

አንድ ጠዋት የጋሽ ሄልሙትን እግር ውሃ ውስጥ ነክሬ እያሸሁ፣ እጄ ሳሙና ስለሆነ ስልኩን ስፒከር ላይ አደረግኩት። መቅዲ እንደ ልማዷ አለች፤ ደህና ናት፣ ጠበል ሄዳለች፣ ሰላም ብላሃለች። ዘጋሁ።

“ያቺ ልጅ ማን ናት?” አሉ ጋሽ ሄልሙት።

“እህቴ ናት።”

“ተዋናይ ናት?”

“ፋርማሲ ውስጥ ነው የምትሠራው።”

“የምትለው አልገባኝም። ግን እያነበበች ነው።”

“አውቃለሁ” አልኩ።

እግራቸውን ከውሃው አወጡ። “ታውቃለህ? ታዲያ አንተም እየተወንክ ነዋ።”

“እርስዎን ምን አገባዎት!” ሳፋውን ስገፋው ውሃው ምንጣፉ ላይ ፈሰሰ። ጮኼባቸው አላውቅም ነበር። ከዚያ ሁሉን ነገርኳቸው፤ የሂተሩን፣ የሻዩን፣ የቅዳሜውን። እትዬ ዘውዴ ክዳኑን የከፈቱት ለምን እንደሆነ ስነግራቸው አልሳቁም።

“አንድ ጊዜ” አሉ፣ እርጥብ እግራቸውን እያዩ፣ “በረዶ ላይ የሞተ ወታደር ሆኜ ተጋድሜ ነበር። ካሜራው ተበላሸ። ሊጠግኑት ወደ ጎጆው ገቡ፤ ገብተው ሻይ ጠጡ፣ ረሱኝ። እኔ ግን አልተነሳሁም። ፊልም ሲሠራ ዳይሬክተሩ ‘በቃ’ እስኪል የሞተ ሰው አይነሳም። ጆሮዬ ደነዘዘ፣ እጄ ደነዘዘ። መጨረሻ ላይ ያነሱኝ በቃሬዛ ነው።”

“ለምን አልተነሱም? ማን ያይዎታል?”

“ማንም በቃ አላለኝማ።” ፎጣውን ከእጄ ወሰዱ። “እህትህ ትርኢቱን የምታሳየው ላንተ ብቻ ነው። ሌላ ተመልካች የላትም። አንተ ደግሞ በየጠዋቱ ትኬት ቆርጠህ ትመጣለህ።”

ምንጣፉን አደረቅኩ። እናቷ የሞተችባት ልጅ፣ ወንድሟ ጋ ማልቀስ የተከለከለች፣ እኔ በደወልኩ ቁጥር ዕንባዋን ጠርጋ፣ ጉሮሮዋን አጥርታ፣ ሰላም ብላሃለች የምትል። የሸሸሁት ለቅሶ እዚያ ለብቻዋ ተጭኗት እንደነበር አላሰብኩም ነበር።

በማግስቱ ጠዋት ጋሽ ሄልሙት እንቁላላቸውን እየበሉ፣ እኔ በመስኮቱ በኩል ካፖርቴን ለብሼ ቆሜ ደወልኩ።

“መቅዲ።”

“አቤት ቢኒ።”

“እማዬስ?”

“ደህና ናት። ትናንት ሐኪም ቤት ሄዳ ነበር። ተሽሎሻል አሏት። አሁን ተኝታለች።”

“መቅዲዬ፣ በቃ።”

“ምኑ?”

“በቃ አልኩሽ። በቃሽ።”

የሆነ ቦታ ባጃጅ ሲያልፍ ተሰማኝ። ከዚያ በጣም ቀጭን በሆነ ድምፅ፣ ልጅ ሳለች ዕቃ ስትሰብር በምታወጣው ድምፅ፣ “ማን ነገረህ?” አለች።

“ማንም። እትዬ ዘውዴ ሂተሩን ጨምር አሉኝ።”

“ምን?” አለች፤ ሳቅ ጀመራት መሰለኝ፣ ግን ሳቁ መሐል ላይ ተሰበረና ሌላ ነገር ሆነ። አለቀሰች። በቃል መሐል፣ በስሜ መሐል ትንፋሿ እያለቀ፣ እየጮኸች፣ እንደ እማዬ እየጮኸች አለቀሰች። እኔ መስኮቱን ይዤ ቆሜያለሁ። ተራሮቹ እንደተሰቀሉ ናቸው። የኔ ዕንባ አልመጣም፤ እንደዚያ ሰው እኔም እነዚያን ፊቶች ባንድ ላይ ማየት ያስፈልገኝ ይሆናል።

“በሁለት ቀን ነው የሄደችው” አለችኝ ሲወጣላት። “ልቧ ነው አሉ። እትዬ ዘውዴን አደራ ብያቸው… ብቻህን እንዳትሰማ ብዬ… አንተ ሁልጊዜ ሥራ ነህ ይሉኛል። ቢኒ፣ ቅዳሜ ቤት ግባላቸው። እንዳልሰማህ ሁንላቸው፤ ስንት ጊዜ ተሰብስበው ተመለሱ።”

“እሺ።”

“ለአርባዋ…” አለችና ተወችው። ኬዜን ታውቃለች። ጠበቃዬ ሊፍቱ ፊት ‘ለቅሶ ቢሆን’ ያለችኝ ትዝ አለኝ።

“መኪናዋን ሸፍኜዋለሁ” አለችኝ። “ክሩ እንኳ አልወጣም፤ የማን ዩኒፎርም እንደሆነ አላውቅም፣ ግማሹ ተሰፍቶ ቀርቷል።” አፍንጫዋን ጠረገች። “ሆስፒታል ስንወስዳት ስላንተ ነበር የምታወራው። ቢኒ ደወለ? ትላለች። ኋላ ደግሞ ጠይቂልኝ አለች፤ ሐኪሙ ዝም በይ እያላት። ‘እጅጌው ልኩ ሆነለት ወይ ብለሽ ጠይቂልኝ’ አለች። ልጠይቅህ አልቻልኩም እኮ፣ እንዴት ብዬ…”

እጄን አየሁ። ጣቶቼ አይታዩም። እጅጌው፣ ኤርፖርት እንደነበረው፣ ከጣቶቼ አልፎ ተንጠልጥሏል።

“አዎ” አልኳት። “ልኬ ሆኗል።”

ጋሽ ሄልሙት ማንኪያቸውን አስቀምጠው ቀና ብለው አዩኝ።